ወንበሩ ላይ የተቀመጠው ጥላ

ሬፊልዌ ጥላውን ያየችው ለፍንዳታው ሃያ አምስት ደቂቃ ሲቀር ነው።

በወርቅ ማውጫው ሁለት ሺህ ሜትር ጥልቀት ላይ ያለው የፊዚክስ መሣሪያ ዐለት ሰንጥቀው የሚያልፉ ብናኞችን ይቆጥራል። የሚጋርዳቸው ነገር ሲኖር ላይ ምድር ባለው የሬፊልዌ ክፍል ማሳያ ላይ ይጠቁራል። ዐለት ከመፈንዳቱ በፊት ሁሉም ስለሚወጣ ማሳያው ባዶ መሆን ነበረበት። ከመሣሪያው አጠገብ ያለው ወንበር ላይ ግን ሰው የሚያህል ጥቁር ነገር ተቀምጧል።

ወደ ታች ደወለች። የሚያነሳ የለም።

በመስኮቱ አሻግራ የሊፍቱ መግቢያ ላይ ያለውን ሰሌዳ አየች። የሚወርድ ሁሉ ናስ ላይ የተቀረጸ ቁጥሩን ከሰሌዳው አንስቶ ይወርዳል፣ ሲወጣ መልሶ ይሰቅላል። አንድ ማንጠልጠያ እንኳ ባዶ ከሆነ ፈንጂ አይፈነዳም። አሁን ሁሉም ሞልቷል። መጨረሻ የወጣው ባልደረባዋ ኻውሄሎ ነው። ጠዋቱን ሙሉ እዚያው ወንበር ላይ ሽቦ ሲቀጥል ቆይቶ፣ አሁን የክፍሏ በር ላይ ቆሞ የበቆሎ ገንፎውን ይበላል።

«ታች ማንን ትተህ ወጣህ?» አለችው።

«አይጦቹን። ሰላም በላት ብለውኛል።»

አልሳቀችም። ፕሮፌሰራቸው፣ አካል በቦታ ስፋት እንዳለው በጊዜም ስፋት ሊኖረው ይችላል ይላል። እንዲህ ያለው ፍጡር ትናንትንም ዛሬንም ነገንም በአንድ ጊዜ ይይዛል፤ በአንዱ ቀን ከተጎዳ በሁሉም ይጎዳል። ሬፊልዌ ሁለት ዓመት ሙሉ ስቃበታለች። አሁን ግን የጥላውን ትከሻ ስታይ የኻውሄሎ መሰላት። ጠዋት የተቀመጠው ኻውሄሎ ገና ካልተነሳ፣ ዐለቱ ሲፈነዳ እዚህ ቆሞ የሚበላው ምን ይሆናል?

ሁሉም ንታቴ፣ አባባ፣ ለሚላቸው ለሽማግሌው ቁጥር ጠባቂ ለሞሌፌ ይህን ብትነግራቸው ወደ ክሊኒክ ይልኳታል። ሻይ ሊቀዱ ዞር ሲሉ ፍንዳታውን ለማስቆም ከሰሌዳው የኻውሄሎን ቁጥር፣ መቶ አሥራ አራትን፣ ነጥቃ ኪሷ ከተተችና ፕሮፌሰሩን ፍለጋ ወደ ቢሮው ሮጠች። ቢሮው ተቆልፏል።

ስትመለስ ኻውሄሎ የለም።

«የት ሄደ?»

«ቁጥሩን ፍለጋ ወረደ» አሉ ንታቴ ሞሌፌ። «ሰቅያለሁ ብሎ ይምላል። የጋብቻ ቀለበቱንም እንደዚሁ ነው የጣለው። የጠፋበት ራሱ ይፈልግ አልኩት።»

ቁጥሩን አውጥታ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

ሽማግሌው ቁጥሩን አዩ፣ እሷን አዩ። «አንቺ ልጅ፣ ለእንዲህ ያለ ነገር ሰው እንደሚባረር ታውቂያለሽ?»

«አውቃለሁ ንታቴ። ያባርሩኝ። ግን አይስቀሉት፣ ሰውየው ታች ነው።»

«ይህን አንቺ ነሽ የምትነግሪኝ?» ቁጥሩን ሸሚዛቸው ኪስ ከተቱት።

ወደ ማሳያው ተመለሰች። ታች፣ በመሣሪያው ክፍል በር አጠገብ፣ አዲስ ጥላ ጎንበስ ቀና እያለ ወለሉን ይፈትሻል። ኻውሄሎ እሱ ነው። ወንበሩ ላይ ያለው አልተንቀሳቀሰም። እሱ የኻውሄሎ አልነበረም።

ስልኩን አስጮኸችው። በሩ አጠገብ ያለው ጥላ ቀና ብሎ አነሳው።

«ወንበሩ ላይ ማን አለ?»

«ማንም የለም። እግሬን አሞኛል፣ ልቀመጥበት ነው።»

«አትቀመጥ።»

«ምን ሆነሻል? ድምፅሽ...»

ወንበሩ ላይ ያለው ጥላ ተነሳ።

«ኻውሄሎ፣ ውጣ። አሁኑኑ።»

ምክንያት አልጠየቃትም። የስልኩን እጀታ ሲጥለው ግድግዳውን መታ። ቦት ጫማው እየራቀ ሲሄድ ይሰማታል። ድምፁ ጨርሶ ከጠፋ በኋላ አንድ ሰው እጀታውን አንስቶ፣ በቀስታ፣ ቦታው መለሰው። መስመሩ ተዘጋ።

«የሊፍቱን ደወል ደውሏል፣ እየወጣ ነው» አሉ ንታቴ ሞሌፌ ከውጭ። ሬፊልዌ ማሳያውን አየች። ሁለቱም ጥላዎች የሉም።

ሊፍቱ እስኪደርስ አራት ደቂቃ ይፈጃል። አራቱንም ደቂቃ በሊፍቱ በር ፊት ቆማ ጠበቀች። አይክፈቱት ልትል ፈለገች፤ ውስጥ ያለው ግን ኻውሄሎ ነው። ንታቴ ሞሌፌ መዝጊያውን ሳቡት።

ኻውሄሎ ብቻውን ነበር። ላብ አጥምቆታል፣ ግን ደህና ነው። ወጣ፣ በሩን ይዞም ወደ ጎን ቆመ፣ ከኋላው የሚወጣ ያለ ይመስል። ለምን እንዳደረገው የሚያውቅ አይመስልም። ሽማግሌውም ሻያቸውን ይዘው አንድ እርምጃ ፈቀቅ አሉ።

ሬፊልዌ ጀርባዋ ግድግዳውን ሲነካ ነው እሷም መንገድ እንደለቀቀች ያወቀችው።