የዴሪክ ሰማያዊ ኳስ

“ዴሪክ ሰማያዊዋን ነው የሚመርጠው። ሲጨንቀው ሁልጊዜ ወደ ሰማያዊዋ ነው የሚሄደው ዴሪክ” አለ ማልኮም ታክሬይ በማይክሮፎኑ።

አብራው ጨዋታውን የምታስተላልፈው ግሌንዳ ዞር ብላ አየችው። ከመስታወቱ ባሻገር፣ በአረንጓዴው የስኑከር ጠረጴዛ ላይ ኳስ መምቻ ዱላውን ይዞ ያጎነበሰው ጆሽ የሚባል ጎረምሳ ነበር። የድሮው ተጫዋች ዴሪክ ከሞተ ቆይቷል፤ የሬሳ ሳጥኑን ከተሸከሙት አንዱ ራሱ ማልኮም ነው።

“ጆሽም የዴሪክን መንገድ የያዘ ይመስላል” አለች ግሌንዳ ቀልጠፍ ብላ። ከዚያ በኋላ እስከ እረፍት ድረስ ወሬውን አልለቀቀችለትም።

ማልኮም ግራ ገባው። ስኑከር በቴሌቪዥን የሚያይ ሰው ሁሉ ድምፁን ያውቀዋል፤ ሼፊልድ ውስጥ ዳቦ ሲገዛ እንኳ ሻጮቹ ቀና ሳይሉ “የስኑከሩ ሰውዬ አይደለህም?” ይሉታል። ታዲያ ይቺ ሴት ምን ሆና ነው አፉን የምትዘጋው?

“ምን አጠፋሁ?” አላት ኮሪደሩ ላይ ሻይ ይዘው እንደቆሙ።

“ዴሪክ አልክ፣ ማል።”

“እኔ?”

“ደጋግመህ።”

ሊስቅ ፈለገ፤ ፊቷ ግን የቀልድ አልነበረም።

የስርጭቱ አለቃ አሊስተር ስልኩን እያየ መጣ። “አንተ ሽማግሌ፣ አስለቀስከን እኮ። የድሮ ጓደኛህን በዚህ መንገድ ታነሳዋለህ ብሎ ማን አሰበ? ተመልካቹ መልእክቱን እያዥጎደጎደው ነው። ማታ የዴሪክን ፎቶ እናሳያለን፤ አንተ ትደግመዋለህ።”

ማልኮም ለአፍታ አመነው። አስቦበት ይሆናል። ጠዋት ጢሙን ሲላጭ፣ ዛሬ ዴሪክን አነሳዋለሁ ብሎ ይሆናል። ለማስታወስ ሞከረ፤ መላጨቱም ትዝ አልለው አለ። አገጩን ዳሰሰ። ልስልስ ነው።

ግሌንዳ ሻይዋ ላይ እንዳቀረቀረች ቀረች። እንደማታጋልጠው ገባው።

“አሊስተር፣ ለመታሰቢያ ብዬ አይደለም” አለ። “ያየሁት እሱን ነው። ያንን ቡናማ ሰደርያውን ለብሶ።”

የአሊስተር ፈገግታ ፊቱ ላይ ደርቆ ቀረ። “ደክሞህ ይሆናል።”

“ይሆናል። እኔ እንጃ። የማታውን ግሌንዳ ትያዘው።”

ኮቱን ደርቦ ወደ መኪና ማቆሚያው ወረደ። መኪናው ውስጥ ገብቶ ሞተሩን አስነሳ። የቤቱን መንገድ ዕድሜ ልኩን ነድቶታል፤ መሪ ለሰው አይሰጥም፣ ሚስቱ ሞሪንም በዚህ ስትተርበው ነው የኖረችው። መውጫው በግራ መሰለው። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ በቀኝ። ሞተሩን አጠፋና ደወለላት።

“ሞሪን፣ በታክሲ ነይና ወደ ቤት ውሰጂኝ።”

“መኪናው ተበላሸ እንዴ?”

“የለም፣ መኪናው ደህና ነው” አለና ከመሪው ተነስቶ ወደ ጎን ወንበር ተሻገረ።