የዋልካ ልስን

አባቴ ሙሀመድሁሴን ያረጀ የጭነት መኪና ሞተር ፈትቶ ይገጥማል። ታዲያ የጭቃ ግድግዳ ምን ያቅተኛል ባይ ነው።

በሳሎናችንና በጓዳችን መካከል ያለው ግድግዳ ማገሩ በስብሶ የሰው ጭንቅላት የሚያሾልክ ቀዳዳ አበጅቶ ነበር። ቤቱ የቀበሌ ነው፤ ቀበሌ "ይታደሳል" ካለ ሦስት ዓመት ሆኖታል፣ ሲሚንቶ ደግሞ ያለ ደብዳቤ አይገኝም። እኔ ኡምሀኒ ግን ቸኩያለሁ፤ ለሚመጣው እሁድ ሙሀመድዘይን ሽማግሌ ሊልክብን ነው። በያጅ ነው፣ እወደዋለሁ። አባቴ "ልጁ ችኩል ነው፤ ትናንት ፋብሪካ ገብቶ ዛሬ ሚስት ይላል" እያለ ያጣጥለዋል። ለእኔም ጠዋት ማታ "የቸኮለች አፍሳ ለቀመች" ይለኛል።

እሁዱ ስምንት ቀን ሲቀረው፣ ቅዳሜ፣ ከጓሮ አፈር ሲቆፍር ጎረቤታችን አባባ ደበላ በአጥር አዩት።

"ሙሀመድ፣ ይሄ ዋልካ እኮ ነው። ሲደርቅ ይሰነጠቃል። ቀይ አፈር አምጣና ከጭድ ጋር አቡካው፤ እየረገጥከው ሳምንት ይብላላ።"

"አባባ ደበላ፣ አንቱ በሬዎን ይጥመዱ፤ ጭቃውን ለእኔ ይተዉት።"

ያኔውኑ ለሰነው። ማክሰኞ ልስኑ ተሰነጣጠቀ፤ አባቴ እንዳላየ ሆነ። እሁድ ጠዋት በዱቄት ሙጫ ጋዜጣ ለጠፈበት፣ ትራክተር ያለበትን ገጽ መርጦ።

ሦስት ሽማግሌዎች መጡ። ከፊት ማን ቢሆን ጥሩ ነው? አባባ ደበላ! እንደ ደንቡ ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም ብለው ቆሙ። እኔ ጓዳ ሆኜ ጆሮዬን ግድግዳው ላይ ለጠፍኩ።

"ልጁ ችኩል ነው" ሲል አባቴን ሰማሁት። "ዓመት ይቆይ።"

ዓመት! የቀረውን ልስማ ብዬ ግድግዳውን ገፋ ሳደርግ ልስኑ ከነትራክተሩ ሳሎን ውስጥ ተዘረገፈ። አፈር በአፈር የሆነ ፊቴ፣ እንባ ያቀረረ ዓይኔ በቀዳዳው ብቅ አለ። በሐፍረት ሞትኩ። ማንም አልሳቀም።

አባባ ደበላ ጋቢያቸውን አራገፉ። "ሙሀመድ፣ ያ ችኩል ያልከው ልጅ ለዚህ ግድግዳ ቀይ አፈር ካመጣ ዛሬ ስምንተኛ ቀኑ ነው። ከፋብሪካ ሲወጣ በየቀኑ እኔ ጓሮ ጭቃ ይረግጣል። ጭቃው ደርሷል ስለው እንኳ 'ትንሽ ይብላላ' ይለኛል።"

አባቴ ወለሉ ላይ የወደቀውን ጋዜጣ አየ፤ እኔን አየኝ። ሳቁ አመለጠው።

"በሉ ተቀመጡ። ልጄን ሰጥቻለሁ።"

በማግስቱ ከሥራ መልስ ሙሀመድዘይን ጭቃውን በባልዲ ይዞ መጣ። እሱ ከሳሎን ይለስናል፤ እኔ ከጓዳ በኩል አዲሱን ማገር እይዝለታለሁ፤ አባቴ መሀል ቤት ተቀምጦ ይጠብቀናል። ሙሀመድዘይን አንድ እፍኝ ጭቃ ይለጥፍና በቀዳዳው ያየኛል። ሌላ ይለጥፍና ያየኛል። ደስታዬን የት ላድርገው! አባቴ ውዱእ አድርጎ፣ ሰግዶ ሲመለስ ቀዳዳው ገና ግማሹ ነው።

"የአላህ ያለህ!" አለ አባቴ። "ይሄ ልጅ ለካ እውነትም አይቸኩልም።"