ስምንተኛዋ አይጥ

«አይጥ! ማቀዝቀዣው ውስጥ አይጥ!»

አክስቱ ስትጮህ ሳሎን ውስጥ አንገታቸውን ደፍተው ከተቀመጡት ለቀስተኞች ግማሾቹ ብድግ አሉ። ከአባቱ ቀብር መልስ ሁለተኛው ቀን ነበር። ለሻይ ወተት ፍለጋ ማቀዝቀዣውን የከፈተችው አክስቱ የዕቃ ማድረቂያውን ጨርቅ እንደ ጋሻ ደረቷ ላይ ይዛ ወደ ኋላ ታፈገፍጋለች። እሱም ከተቀመጠበት ጥግ ተነሣ። እውነቱን ለመናገር መነሻ ሰበብ በማግኘቱ ደስ ብሎታል።

ማቀዝቀዣው ውስጥ አንድ ትሪ አለ። ትሪው ላይ ስምንት ቡናማ አይጦች እንደ ተማሪ ተሰልፈዋል። ጆሯቸው ለሁለት የተከፈለ ለውዝ ነው፤ ጭራቸው ክር። አንዷ ትስቃለች፣ አንዷ ትኮሳተራለች፣ አንዷ ፊት ለፊት ሁለት ጥርስ የላትም። የመጨረሻዋ ከሁሉም ትበልጣለች፤ ፊት ግን አልተሠራላትም።

«ጣፋጭ እኮ ነው እትዬ» አለች ከግቢው ማዶ የምትኖረው ልብስ ሰፊ፣ ሳቋን በነጠላዋ ጫፍ ይዛ። «የልጆቹ ነው።»

«የምን ልጆች?»

«የሰፈር ነዋ። ቅዳሜ ቅዳሜ ከአባባ ጋር ይሠራሉ። እሳት አይነካውም። ብስኩት ጨርቅ ውስጥ ተደርጎ ይደበደባል፣ ካካዎና የጣሳ ወተት ይገባበታል፣ ከዚያ ማድቦልቦል ነው። የጭራውን ክር እኔ ነኝ የምሰጣቸው። ያድርና እሑድ ይበላል…»

እሑድ ጠዋት በሩን አንኳኩታ መልስ ብታጣ፣ ገብታ አባቱን አልጋው ላይ በድን ሆኖ ያገኘችው እሷ ነበረች።

«ወንድሜ ነው አይጥ ሲሠራ የከረመው?» አለች አክስቱ። «ያ ጥርሱ የማይታየው ሰውዬ? በሉ እንግዲህ፣ ልጣለው ወይስ ላቅርበው?»

«እንዳትነኪው!» አለ እሱ።

ሁሉም ዞሮ አየው። ከመጣ ጀምሮ ድምፁ ሲሰማ የመጀመሪያው ነበር።

አባቱ ሠላሳ አንድ ዓመት ዳቦ ጋግሯል። አመሻሽ ላይ ይወጣል፣ ሲነጋ ይገባል፣ ቀኑን ሙሉ ይተኛል። ልጁ አባቱን የሚያውቀው በጀርባው ነበር፤ ወደ ግድግዳ ዞሮ በሚያንኮራፋ ሰፊ ጀርባ። እናቱ በሕይወት ሳለች ቤቱን የምታስተዳድረው ከንፈሯ ላይ በምታሳርፋት አንዲት ጣት ነው። ኳስ አይነጥርም፣ ወንበር አይጎተትም፣ ሳቅም ቢሆን ጓሮ ወጥቶ ነው።

ሰባት ዓመት ሲሆነው አንድ ቀን ንጹሕ ሸሚዝ አስይዛ ወደ ዳቦ ቤቱ ላከችው። ሙቀቱ ገና ከደጅ ፊትን ይገርፋል። አባቱ ረጅሙን የእንጨት አካፋ ይዞ በምድጃው አፍ ላይ ቆሟል፤ ክንዱ ከመዳፉ እስከ ክርኑ በቃጠሎ ጠባሳ ተሰነጣጥሯል። ልጁ ከጠረጴዛው ላይ ቁራጭ ሊጥ አንሥቶ ውሻ ሠራ። ጥሩ ውሻ ነበር፤ ጆሮ አለው፣ ጭራ አለው። ይዞለት ሄደ። አባቱ ተቀበለው፤ ቃል ሳይተነፍስ ደፍጥጦ ወደ ሊጡ መለሰው።

«ሊጥ መጫወቻ አይደለም።»

በቃ፣ ይኸው ነው። አልመታውም፣ አልጮኸበትም። ሰው በዚህ ቂም ይይዛል ቢሉት ማንም አያምንም፤ እሱ ግን ያችን የተደፈጠጠች ውሻ በሆዱ ይዞ አደገ፣ ይዟት ባሕር ተሻገረ፣ ተምሮም ይዟት ተመለሰ።

የተመለሰ ዕለት ዘመድ ተሰብስቦ ነበር። አባቱ ጡረታ ወጥቷል። እጅጌውን ሰብስቦ ጠባሳውን ለእንግዶቹ እያሳየ፣ «በዚህ እጄ ነው ያሳደግኩት» አለ። ልጁ ከሩቅ አገር ይዞት ከመጣው ነገር አንዱ፣ ያሰቡትን በአደባባይ መናገር እንደ ጨዋነት የሚቆጠርበት ልማድ ነበር።

«አላሳደግከኝም አባዬ» አለ። «እቤታችን የሚተኛ ሰው ነበርክ እንጂ አባት አልነበርክም።»

ሹካ የያዘ ሁሉ እጁ አየር ላይ ቀረ። አባቱ እጅጌውን ወደ ታች መለሰ።

«እሺ» አለ፤ ሳህኑን ይዞ ወደ ጓዳ ገባ።

ከዚያ ወዲህ አራት ዓመት ሳይተያዩ። በአንድ ከተማ፣ በሁለት አውቶቡስ ርቀት። መጀመሪያ «ልክ ነኝ» ይል ነበር። ቀጥሎ «ልክ ብሆንስ ምን ተጠቀምኩ?» ማለት ጀመረ። ባለፈው ዓርብ ግን ስልክ አንሥቶ ልብስ ሰፊዋ ጋ ደወለ፤ አባቱ ስልክ የለውምና። «እሑድ እመጣለሁ በይልኝ» አላት። በቀጠሮውም መጣ፣ አንድ ከረጢት ብርቱካን አንጠልጥሎ። ደጁ በሰው ተሞልቶ አገኘው። አንድ የማያውቀው ሰውዬ «እግዜር ይስጥህ» ብሎ ከረጢቱን ተቀበለው። ለአባቱ የመጣው ብርቱካን እዚያው ተልጦ ለለቀስተኛ ታደለ። ለእሱም አንድ ፍሬ ደረሰው፤ በላው።

አሁን ከጎኑ የተቀመጠው የቀድሞው የዳቦ መኪና ሹፌር ጉልበቱን መታ መታ ያደርገዋል።

«ስምህ ከአፉ አይጠፋም ነበር፣ ታውቃለህ?»

«እውነት?»

«እንዴታ! ልጄ፣ ልጄ፣ ልጄ ነው እንጂ ሌላ ወሬ መች ያውቅና።»

«ምን ይል ነበር?»

ሹፌሩ የሻይ ብርጭቆውን አሽከረከረ። «እንግዲህ… ያው… ጎበዝ ነው ይላል።»

የለቅሶ ቤት ውሸት እንደ ሻይ ስኳር ነው፤ የመጣው ሁሉ አንድ አንድ ማንኪያ ይጨምራል። ሹፌሩን አልተቀየመውም። እሱ የሚፈልገው ግን አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ አባቱ ይቅር ብሎት እንደሆነ ማወቅ። ለዚህ ደግሞ መሐላም ሆነ ማጽናኛ አይጠቅመውም፣ ከአባቱ አፍ የወጣች አንዲት ቃል እንጂ።

ልብስ ሰፊዋን ጓዳ ውስጥ ብቻዋን አገኛት። አክስቱ ከቤቷ ባመጣችው ምድጃ ላይ ውኃ ታፈላለች። በዚህ ቤት እንኳን ምድጃ ክብሪትም አልተገኘም። «ሠላሳ አንድ ዓመት ጠብሶኛል፣ ይበቃዋል» ብሎ አባቱ ከጡረታ ወዲህ እሳት አላስገባም።

«መልእክቴን ነገርሽው?»

«ቅዳሜ ጠዋት ነገርኳቸው። ብስኩት እየደበደቡ ነበር።»

«ምን አለ?»

«ምን ይላሉ… ‹እሺ› አሉ።»

«እሺ ብቻ?»

«እሺ ብቻ።»

«ፊቱስ?»

«የኔ ወንድም፣ የአባትህ ፊት መቼ ይነበባል?» አለች በሐዘኔታ። «ግን መደብደባቸውን አላቆሙም።»

ያው ቃል። ሳህን ይዞ የተነሣበት «እሺ» ይሁን ወይስ ሌላ፣ ማን ይፍታው? ከዚያ ትሪው ትዝ አለው።

«ስንት ናቸው ልጆቹ?»

«ሰባት።»

ሰባት ልጅ፣ ስምንት አይጥ። የተሠሩት ቅዳሜ፣ መልእክቱ ከደረሰ በኋላ። ስምንተኛዋም ትልቅ ናት፣ የትልቅ ሰው ድርሻ። ፊትም የላትም፤ አራት ዓመት ያላየውን ፊት እንዴት ይሠራዋል? ራሱን «ሞኝ አትሁን» አለው። ራሱ ግን አልሰማውም። በዚያ ቀን ውኃ ሳይጠማው ውኃ ልቅዳ እያለ ስድስት ጊዜ ማቀዝቀዣውን ከፈተ።

ልጆቹ የመጡት በማግስቱ ከሰዓት ነው። ልብስ ሰፊዋ ፊታቸውን አሳጥባ፣ «አትሩጡ፣ አትሳቁ» ብላ በሰልፍ አስገባቻቸው። ከፊት የምትመራው የራሷ ልጅ ናት፤ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ማን ማንኪያውን ይልሳል የሚለውን ጠብ የምትፈርደው እሷ ስለሆነች አባቱ «ዳኛዋ» ብሎ ሰይሟታል። ከኋላዋ የፊት ጥርሶቹ የወለቁ ትንሽ ልጅ ቀሚሷን ይዟል።

«ጋሼ፣ አይጦቻችንን ልንወስድ ነው» አለች ዳኛዋ። «እሑድ አላስገቡንም።»

«አንተ ማነህ?» አለው ጥርሰ ወላቃው።

«ልጁ ነኝ።»

«የማን?»

«የአባባ።»

ልጆቹ ተያዩ።

«አባባ ልጅ አለው እንዴ?»

ዳኛዋ በክርኗ ጎሸመችው። «አለው እንጂ፣ ረሳኸው? ስንት ልጅ አለህ ስንለው ‹ሰባት› አላለንም?»

«እሱማ እኛን ቆጥሮ ነው!»

አክስቱ እያለቀሰች ሳቀች። «ወይ ወንድሜ!» ልብስ ሰፊዋ ግን አልሳቀችም። ጠጋ ብላ፣ «ልጆች እኮ ናቸው፣ ምን ያውቃሉ» አለችው። እሱ ግን አሰበ፦ እዚህ ቤት ከገባ ጀምሮ ሊያጽናናው ያልሞከረ ሰው ሲያይ ዛሬ ገና ነው።

ትሪውን አውጥቶ የጓዳው ጠረጴዛ ላይ አኖረው። እጆች ተሻሙ። የምትስቀዋ ለሳቂታዋ፣ የምትኮሳተረዋ ለዳኛዋ፣ ጥርስ የሌላት ለጥርሰ ወላቃው። አባቱ እያንዳንዱን ልጅ አስተውሎ አይቶታል። ትሪው ላይ ትልቋ ብቻ ቀረች።

«ይቺስ?» አለ። ድምፁን እንደ ዋዛ ለማድረግ ሞከረ። «የማን ናት?»

«የማንም።»

«ለእንግዳ የተሠራች አይደለችም? ለሚመጣ ሰው?»

«እ-እ» አለች ዳኛዋ ራሷን እየወዘወዘች። «መቅመሻ ናት። ሁልጊዜ ከተረፈው አንድ ትልቅ እንሠራለን። እሑድ እሷን ቆርሰን ጠንክሮ እንደሆነ እናያለን። ለዚህ ነው ፊት የሌላት። አባባ ‹ለሚቆረስ ነገር ፊት አይሠራም› ይላል።»

«ቅዳሜ ዕለትስ… ነገ ሰው ይመጣል ብሎ አልነገራችሁም?»

ዳኛዋ በሐቅ አሰበች። ዓይኗን ጣሪያው ላይ ሰክታ፣ ያንን ከሰዓት ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በረበረችው።

«አላለም» አለች። «እንደ ሁልጊዜው ‹በሦስት ሰዓት ኑ› ነው ያለን።»

«ስለ አንተ ምንም አላለም» አለ ጥርሰ ወላቃው፣ ነገሩ ግልጽ እንዲሆን።

አንድ ሁለት «ምናልባት» በልቡ ብቅ ብቅ አሉ፤ አንዱንም ተከትሎ ለመሄድ አቅም አጣ። አሁን የሚጠየቅ ሰው አልቋል። የሚያውቀው አንዱ ሰው ከአፈር በታች ነው፤ በሕይወት ሳለም ቢሆን «እሺ» ነበር የሚለው።

ዳኛዋ ትልቋን አይጥ በሁለት አውራ ጣቷ ሰንጥቃ ከፋፈለቻት። ለእያንዳንዱ አንድ ቁራጭ። የተረፈውን ለእሱ ዘረጋችለት።

«ቅመስና ንገረን። ሁልጊዜ መጀመሪያ አባባ ነበር የሚቀምሰው።»

መዳፉ ላይ አደረገችለት። ሰባት ጥንድ ዓይኖች ይጠብቁታል። ቁራጩን ወደ አፉ አስጠጋው፤ ብስኩቱ ሸተተው። አፉ ግን አልከፈት አለው።

«ጠንክሯል» አለ ሳይቀምሰው።

ልጆቹ ተግተልትለው እየበሉ ወደ ግቢው ወጡ። እሱ ጣቶቹን በቁራጩ ላይ ጨብጦ ወደ ሳሎን ተመለሰና ቦታው ላይ ተቀመጠ። ጣፋጩ በእጁ ሙቀት ቀስ እያለ ለሰለሰ፤ በጣቶቹ መካከል ወጣ ወጣ ማለት ጀመረ። አልተነሣም፣ አልጠረገውም።

በዚህ መካከል አንድ ሽማግሌ እያነከሱ ገቡ። ከአባቱ ጋር ሃያ ዓመት ሊጥ ያቦኩ ሰው ናቸው። ሁሉንም ጨበጡና ከፊቱ ደርሰው ቆሙ።

«እግዜር ያጽናህ ልጄ» ብለው እጃቸውን ዘረጉ።

ተነሣ። ጭብጡን ሳይፈታ እጁን ወደ ታች አጠፈና የእጁን አንጓ ሰጣቸው።