ከፍርድ ቤቱ ደረጃ ላይ የተጠራው ስም

ልጄ ሊማን ደጄ ላይ በቆመ ቁጥር ደሜ ይፈላል። አምጬ ወልጄዋለሁ፤ ቢሆንም ይፈላል።

የወንድሙን ልጅ፣ የልጅ ልጄን ኤልካናን ያሳደግኩት እኔ ነኝ። እናትና አባቱን ኮሌራ ወሰደብኝ። ደረቱ ደካማ ስለነበር ብርድ እንዳይመታው ስጠቀልለው፣ ስገልጠው ነው ያደገው። ሕግ የተማረው በአንድ አዛውንት ጠበቃ ቢሮ ወለል እየጠረገ ነው። ጠበቃ ሆኖ ከዳኛው ጋር በፈረስ ከከተማ ከተማ ሲዞር፣ በየማደሪያው ሦስት እየሆኑ ባንድ አልጋ ሲተኙ፣ የማንን ሳል ይዞብኝ ይመጣ ይሆን እያልኩ እንቅልፍ አጣሁ። ለኬንታኪ ግዛት ምክር ቤት ሲመረጥ ሊማን በኩራት አላስቀምጥ አለን፤ የሚሠራበት ወፍጮ ቤት ለመጣ ሁሉ "የወንድሜ ልጅ እኮ ነው" ይል ነበር።

ከዚያ የሲላስ ነገር መጣ። ሲላስ ነጻ የወጣ ጥቁር ጀልባ ቀዛፊ ነው። ባሮችን ወንዙን አሻግሮ ባርነት ወደሌለበት ማዶ አስመለጠ ብለው ሲከሱት አንድም ጠበቃ አልቆመለትም። ኤልካናን እባክህ ሌላ ሰው ይቁምለት ብዬ ለመንኩት።

"ሌላ ሰው ካለ ንገሪኝ፣ አያቴ፣ እተወዋለሁ" አለኝ።

ማንን ልጥራ? ቆመለትና ረታ። ከዚያ በኋላ የቤታችን መስኮት በድንጋይ ተሰበረ።

ነሐሴ ላይ ምርጫው እንደገና ደረሰ። ወንዶቹ እንደወትሮው የፍርድ ቤቱን ደረጃ እየወጡ የሚመርጡትን ሰው ስም በሕግ አስከባሪው በሸሪፉ ፊት ጮክ ብለው ይጠራሉ። ስሙ የተጠራው ተወዳዳሪም እዚያው ከተቀመጠበት ተነስቶ ያመሰግናቸዋል። የወፍጮው ባለቤት ኮሎኔል ትሪምብል ደረጃው ሥር ከውስኪው በርሜል አጠገብ ቆሞ የሠራተኞቹን አፍ ይጠብቃል። ከኤልካና ጋር የሚወዳደረው አማቹ ፊልዲንግ ነው።

እኔ ከሴቶቹ ጋር ሠረገላ ላይ ሆኜ አያለሁ። ኤልካና በነጻ የተከራከረላቸው፣ አምና የበቆሎ ዳቦዬን የበሉ ሰዎች "ፊልዲንግ" እያሉ ወረዱ። አንዱማ "ኤልካና፣ ሲላስን ጥራው እንጂ፣ መጥቶ ይምረጥህ" ብሎ ሰውን አሳቀ።

ያም ሆኖ ወደ ማታ እኩል ለእኩል ደረሱ። ሊማን ወጣ። ኮሎኔሉን አየ፣ የገዛ ጫማውን አየ፣ የሆነ ነገር አጉተመተመ።

"አልተሰማም፣ ሊማን" አለ ሸሪፉ።

"ፊልዲንግ!"

ከሠረገላው እንዴት እንደወረድኩ አላውቅም። ሰዉን ገፍቼ ደረጃውን ወጣሁ።

"ይመለሱ፣ እማማ ኬዚያ። የሴት ድምፅ አይጻፍም" አለኝ ሸሪፉ።

"አትጻፈው። ስማው ብቻ። ኤልካና ፕሩዊት!"

የድምፅ መዝጋቢው ጸሐፊ ብዕር አልተነቃነቀም። ኤልካና ግን ባርኔጣውን አውልቆ ተነሳና እንደ ደንቡ "አመሰግናለሁ፣ ወይዘሮ ፕሩዊት" አለኝ። የቀሩትም የወፍጮው ሰዎች ስለነበሩ ተሸነፈ።

እሑድ ሊማን ለምሳ መጣ። ስድስት ልጆች እንዳሉት፣ ኤልካናን ቢጠራ ኖሮ ኮሎኔሉ ከሥራ ያባርረው እንደነበር ነገረኝ። አውቃለሁ፤ ስድስቱንም ሲወለዱ የተቀበልኳቸው እኔ ነኝ።

"ልጆቹን ላካቸው፣ ይብሉ" አልኩት። "አንተ ግን የኤልካናን ስም እዚያ ፊልዲንግን እንደጠራኸው ጮክ አድርገህ ከበሩ ላይ ሳትጠራ አትገባም።"

በየእሑዱ ይመጣል። ባርኔጣውን እያሻሸ በረንዳው ላይ ይቆማል፣ አፉን ይከፍታል። ከዚያ ዞር ብሎ በመንገዱ የሚያልፍ ሰው እንዳለ ያይና መልሶ ይዘጋዋል።