ሻምበሉ የቀለበው ቦምብ

ሚስ ኢዲት አዲስ አበባ የመጣችው አንድ ነገር ለመጠየቅ ነበር። አባቷ ሻምበል ዌልቢ በ1933 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጦር ጋር መጥቶ ከደሴ በላይ ባለ ተራራ ላይ ሲሞት እሷ የስድስት ዓመት ልጅ ነበረች። ጦሩ ለእናቷ የላከው ደብዳቤ፣ ጣልያኖች የወረወሩትን የእጅ ቦምብ ሻምበሉ በእጁ ይዞ ሌሎቹን አዳነ ይላል። እሷ ማወቅ የፈለገችው፣ ሲይዘው ቦምብ መሆኑን ያውቅ ነበር ወይ የሚለውን ነው።

የጉዞ ወኪል ቢሮአችን ሁለት ወር አፈላልጎ፣ ነገሩን በዓይናቸው ያዩ አንድ ሰው አገኘ። አባባ ያሕያ ያኔ በሻምበሉ ጦር ውስጥ የአሥራ ስምንት ዓመት በቅሎ ጫኝ ነበሩ። ዛሬ በ1987 ቦሌ መድኃኔዓለም ጀርባ ከልጃቸው ከሸምሲያ ጋር ይኖራሉ። እኔ የጉዞ ወኪሉ ሠራተኛ ነኝ፤ ኮሌጅ የጨረስክ አንተ ነህ ተብዬ ለማስተርጎም ተላክሁ።

ቀጠሮው ለአራት ሰዓት ቢሆንም ሸምሲያ ወሬ አላስጀመረችም።

"ሳትበላ የአባቷ መርዶ አይነገራትም" አለችኝ።

"ከሞተ እኮ ሃምሳ አራት ዓመቱ ነው።"

"ከኛ አፍ ስትሰማ ገና የመጀመሪያዋ ነው። አንተም ብላ፣ ቃልአብ። የኛን ሥጋ እንደማትነካ አውቃለሁ፤ ሽሮህ ለብቻው ነው። ከሥጋው ይጣፍጣል ብዬ ግን አልዋሽህም።"

ሦስት የጎረቤት ሴቶች ጥቁር ሻሽ አስረው አግዳሚው ላይ ተደርድረዋል። ሚስ ኢዲት ማን ሞቶባቸው እንደሆነ በሹክሹክታ ጠየቀችኝ። የሷ አባት መሆኑን ነገርኳት። ራሷን ነቀነቀችና መብላቷን ቀጠለች።

ማዕዱ ከተነሳ በኋላ አባባ ያሕያ ጀመሩ።

"ሻምበሉ አመሻሽ ላይ ያጫውተን ነበር። ባገሩ ስመ ጥር የክሪኬት ተጫዋች ነበር አሉ። እንደ ድንጋይ የጠነከረች ቀይ የቆዳ ኳስ ነበረችው። ወደ ሰማይ ይወረውራታል፤ መሬት ሳትነካ መቅለብ ነው። እኔ ስስታት 'ያሕያ፣ ያንተ እጅ ለልጓም ብቻ ነው የተፈጠረው' እያለ ይስቅብኛል። እሱ አንድም ቀን ስቷት አያውቅ።"

"ያን ቀንስ?" አለች ሚስ ኢዲት።

"ያን ቀን ቦምቡን ለኛ ሲል ያዘው። እንደሚሞት እያወቀ።"

ተረጎምኩላት። ማስታወሻዋ ላይ ጻፈችው። ፊቷ ላይ ምንም አልታየም።

"እንግዲያው እያወቀ እኔን ትቶ እናንተን መረጠ" አለች። ድምጿ ቁጣም ሐዘንም አልነበረበትም፤ የአውቶቡስ ሰዓት የምትናገር ይመስል ነበር።

ይህን ሳልተረጉም ልለፈው ብዬ አሰብኩ። ግን ለአንዳቸው የምነግረውን ከሌላው መደበቅ ተገቢ መስሎ አልታየኝም። ነገርኳቸው።

አንድ አውሮፕላን ጣሪያውን እያንቀጠቀጠ እስኪያልፍ ጠበቅን።

"ልጄ፣ አሁን የምልህን ሳትቀንስ ንገራት" አሉኝ አባባ ያሕያ። "ቦምቧም ቀይ ነበረች። ከላይ ካለው ምሽግ ነው የወረወሯት። እኛ ተደፋን። እሱ ግን ወደ ላይ እያየ ሦስት እርምጃ ወደ ኋላ ሄደ፤ ከዚያ እንዲህ አድርጎ ቀለባት።" ሁለት መዳፋቸውን አጋጥመው ወደ ሆዳቸው ሳብ አደረጉ። "ፈገግ ብሎ ነበር፣ ወላሂ። ከያዛት በኋላ ነው ዝቅ ብሎ ያያት። ያወቀውም ያኔ ነው። ከዚያ በኋላ አንድ ትንፋሽ እንኳ አልነበረም።"

ሸምሲያ ሳህን እንደያዘች በሩ ላይ ቆማ ነበር። "አባዬ፣ ታዲያ ለኛ ያን ሁሉ ዘመን ሌላ ነበር እኮ የነገርከን!"

"ምን ልበል? ኳስ መስሎት ሞተ ልበል? የሰው ስም እኮ ነው። እኛስ ብንሆን በሱ ምክንያት አልተረፍንም?"

ይህንንም፣ የሸምሲያን ጥያቄ ጭምር፣ አንድ በአንድ ተረጎምኩ። አግዳሚው ላይ ያሉት ሴቶች ማልቀስ ጀመሩ። ሚስ ኢዲት የሌላ ሰው ለቅሶ ላይ እንደ ደረሰ እንግዳ አየቻቸው።

"በደንብ ነገርካት?" አሉ አባባ ያሕያ።

"ነገርኳት።"

ሚስ ኢዲት ቀደም ሲል የጻፈችውን መስመር በእርጋታ ሰረዘች። በምትኩ የሚጻፍ ነገር እንደጠፋባት ሁሉ እስክሪብቶውን ወረቀቱ ላይ አሳርፋ ብዙ ቆየች።

"ያን ጠዋት ምን በላ?" አለች በመጨረሻ።

አባባ ያሕያ ሳያስቡ መለሱ። "የገብስ ቆሎ ሰጥቼው ነበር። ጥርሱን ስለሚያመው ግማሹን ለበቅሎዋ ሰጣት።"

"የትኛውን ጥርሱን?"

ሽማግሌው የግራ ጉንጫቸውን ነኩ። እሷም ጻፈች።