ስፔሻል ሞዱን አጥፉ

ዋሻው የተደረመሰው ከምሳ በኋላ ነው። ከኮረብታው ማዶ ውሃ ወደ ከተማው እንዲያመጣ ስንት ዓመት የተቆፈረው ዋሻ መሃሉ ላይ ተናደና ሦስት ሠራተኞች ከፍርስራሹ ወዲያ ቀሩ። አንዱ እዚያው የምትሠራው የድምፅ ባለሙያ ታላቅ ወንድም ነበር። እናትና አባታቸው ከሞቱ ወዲህ ያሳደጋት እሱ ነው፤ እስካሁንም "ጋሼ" እንጂ በስሙ ጠርታው አታውቅም።

የእሷ ሥራ ማሽን ማዳመጥ ነው። ፓምፕ ሊበላሽ ሲል ገና ሳይበላሽ ትሰማዋለች፤ ሠራተኞቹም "እሷ ባለችበት አትማ፣ በሐሳብህ ያማኸውን እንኳ ትሰማለች" ይላሉ። ያን ቀን የቀልድ ሰዓት አልነበረም። አለቃው ከብረት ወደተሠራው ቢሮዋ ገብቶ፣ "ልጄ፣ ዛሬ ጆሮሽን አበድሪን" አላት።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዋሻው ከተደረመሰበት ወዲያ ግራና ቀኝ ሆኖ ለሁለት ይከፈላል። ውስጡ ውሃ እየሞላ ነው፤ ሰዎቹ የትኛው ውስጥ እንዳሉ የሚያውቅ የለም። ከኮረብታው አናት ቀዳዳ አውርዶ አየር የሚያደርስላቸው መሰርሰሪያ ደግሞ አንድ ብቻ ነው። ወደ ሁለቱም ቅርንጫፍ የሚገቡት የአየር ቧንቧዎች በናዳው ተጨፍልቀው አየር ባያሳልፉም ድምፅ ስለሚያደርሱ በእያንዳንዱ ቧንቧ ላይ ማይክ ለጠፈች፤ የግራውን ወደ ግራ ጆሮዋ፣ የቀኙን ወደ ቀኝ ጆሮዋ አገናኘችና ማዳመጫውን አጠለቀች።

ከጎኗ የተቀመጠው የሌዘር ባለሙያው ነው፤ "ጮራ" ይሉታል። በዋሻው ግድግዳ ውስጥ በተቀበረ ፋይበር ገመድ ብርሃን እየላከ የመሬቱን ንዝረት ይለካል። የብርሃኑ ነጥብ ግን ዛሬ ስክሪኑ ላይ ተበትኖበት፣ "ስፔሻል ሞዱ ተበላሸ" እያለ ለራሱ ያጉረመርማል። የሬዲዮ ሠራተኛው ቀጭንና ረጅም ስለሆነ "አንቴና" ተብሏል። እሱ ከኋላዋ በሩ ላይ ቆሞ፣ "ሁላችሁም ስፔሻል ሞድ ላይ አድርጉ፣ አለዚያ ከኮረብታው ጋር አንሰማማም!" ብሎ ጮኸ። ዞር ብላ አየችው። አዲሱ ማዳመጫዋ ጎን ባለው ቁልፍ ላይ ይኸው ቃል ተጽፏል። ፊቷን ወደ እሱ እንዳዞረች ተጫነችውና ወደ ጠረጴዛዋ ተመለሰች።

ትንሽ ቆይቶ ድምፅ መጣ። ኳ፤ ኳ ኳ። ዕረፍት። ኳ፤ ኳ ኳ። ድንጋይ እንዲህ አይኳኳም። ሰው ነው።

"ግራ ነው" አለች።

"እርግጠኛ ነሽ?" አለ አለቃው። "ማሽኑን አንዴ ከጀመርን ነቅለን ሌላ ቦታ እስክንተክል ውሃው አይጠብቃቸውም።"

"ግራ ነው ጋሽ አለቃ።"

አለቃው እየሮጠ ወጣ። ብዙም ሳይቆይ ከላይ የሞተር ጩኸት ተሰማ። እሷም መሰርሰሪያውን ለማየት አንገቷን ወደ ግራ፣ ወደ መስኮቱ አዞረች። ኳኳታው ከግራ ጆሮዋ ተነስቶ ፊት ለፊቷ መጣ። ወደ ቀኝ ዞረች። አሁን ደግሞ ከማጅራቷ ሆነ።

 ማይኮቹ ቧንቧ ላይ ተለጥፈዋል፤ የእሷ አንገት ቢዞር እነሱ አይዞሩም። አቅጣጫውን እየፈጠረ ያለው ማዳመጫው ራሱ ነው። ቁልፉን ስትጫን ያየችውን ወገን "ፊት" ብሎ ይዟል፤ ያኔ ደግሞ ጀርባዋን ለጠረጴዛው ሰጥታ ነበር። ስለዚህ ግራ የመሰላት ቀኝ ነው።

ሬዲዮውን ነጥቃ አነሳች። "አለቃ፣ ስፔሻል ሞዱ አሳስቶኛል፤ መጥፋት ነበረበት..."

"አቁሙ" ልትል ነበር። አንቴና ግን ይህን ሰምቶ የእሱን ሬዲዮ ሞድ ያለች መሰለውና ወዲያው አጠፋው። ከኮረብታው ጋር የነበረው ግንኙነት ተቋረጠ።

ማዳመጫውን ወርውራ ወጣች። ዳገቱ ጠጠር ስለሆነ ሁለቴ በጉልበቷ ወደቀች። ስትደርስ መሰርሰሪያው ድንጋዩን መብላት ጀምሯል። የኦፕሬተሩን እጅጌ ጨምድዳ ያዘች። ሞተሩ ቆመ።

"ግራ አይደለም" አለች ትንፋሿ ሲመለስ። "ቀኝ ነው።"

አለቃው ወደ እሷ ቀረበ። "ቅድምም እርግጠኛ ነበርሽ። አሁንም እርግጠኛ ነሽ። የትኛዋን ልመን?"

በእጇ ወደ ቢሮዋ ጠቆመች። ወንድሟ እዚያ ውስጥ መሆኑን እሱም ያውቃል፤ ለዚህም ይሆናል ያልጮኸባት። ተያይዘው ወረዱ።

"እኔ ስፔሻል ሲባል የማውቀው ከተራው የተሻለውን ነው" አለ አለቃው ሦስቱን ፊቱ አቁሞ። "እናንተ ምን ማለታችሁ ነው?"

"በእንግሊዝኛው የቦታ ማለት ነው፤ ለእኔ ወሬን በብዙ አንቴና፣ በብዙ መንገድ መላክ ነው" አለ አንቴና። ፊቱ አመድ መስሏል።

"ለእኔ የብርሃኑ መልክ ነው" አለ ጮራ። "ጤነኛ ሲሆን አንድ ክብ ነጥብ ነው። ሲታመም ይከፋፈላል።"

"የእኔው ደግሞ ጆሮን ማታለያ ነው" አለች እሷ። "ለዘፈን የተሠራውን ለሰው ሕይወት ተጠቀምኩበት።"

አለቃው ወደ ጮራ ዞረ። "ያንተ ገመድ በየት በኩል ነው የሚያልፈው?"

"በቀኙ ቅርንጫፍ ብቻ። ግን ነጥቡ ስለተበተነ ምንም አይነበብም።"

ያኔ ነው ገመዱን ከቢሮው ግድግዳ እስከ ማሽኑ በዓይኗ የተከተለችው። አንዱ የመፍቻ ሳጥን አስቀምጦበት ታጥፏል። ሳጥኑን አነሳችው፤ ጮራ ገመዱን በጣቱ ቀስ አድርጎ አቀናው። ስክሪኑ ላይ የተበተነው ብርሃን ተሰባስቦ አንድ ሆነ።

እሷ ቁልፉን አጥፍታ ማዳመጫውን መልሳ አጠለቀች።  ኳ፤ ኳ ኳ። ከቀኝ። አንገቷን ብታዞርም ከቀኝ። በእያንዳንዱ ኳኳታ ጮራ ስክሪን ላይ መስመሩ ብድግ ይላል።

"ቀኝ" አለ ጮራ።

"ንቀሉት" አለ አለቃው አንቴና መልሶ በከፈተው ሬዲዮ።

መሰርሰሪያው ተነቅሎ እስኪተከል ድረስ እሷ ከወንበሯ አልተነሳችም። ኳኳታው እየዘገየ ሄደ። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ጭራሽ ቆመ፤ የምትሰማው የውሃ ድምፅ ብቻ ሆነ። ጮራ እጁን ትከሻዋ ላይ አኖረ። ከላይ መሰርሰሪያው መጮኹን ቀጠለ፤ ድንገት ጩኸቱ ቀለለና ብረቱ ወደ ባዶ ቦታ ገባ። ቀጥሎም ከታች የሆነ ሰው ብረቱን በድንጋይ ሲመታው በሁለቱም ጆሮዋ ሰማች። አጎንብሳ ጠረጴዛው ላይ አለቀሰች።

ቀዳዳው ሰፍቶ ሲወጡ ወንድሟና ጓደኛው በሕይወት ነበሩ። ሦስተኛው፣ ሽማግሌው በያጅ፣ ተሸፍነው ወጡ።

በማግስቱ ሐኪም ቤት ወንድሟ አጠገብ ተቀመጠች። ግራ እጁ በፋሻ ተጠቅልሏል። የሆነውን ሁሉ፣ የቁልፉን ነገር ጭምር፣ ሳትደብቅ ነገረችው። ከዚያ ሌሊቱን ሙሉ ያላስተኛትን፣ በስህተቷ የባከነው ጊዜ ሰው ገድሎ እንደሆነ፣ ለማወቅ ጠየቀችው።

"ጋሼ፣ አባባ በያጁ መቼ ነው ያረፉት?"

"ጣሪያው እንደወደቀ።"

"ወዲያው?"

"ወዲያው አልኩሽ እኮ። አሁን ተነሽና ቤት ሄደሽ ተኚ።"

በሚቀጥለው አልጋ ላይ የነበረው ጓደኛው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እሷም አየችው። ጓደኛውን ልትጠይቅ አፏን ከፈተችና ተወችው፤ የወንድሟን ብርድ ልብስ እስከ ደረቱ ሳበችለት፤ ግን አልሄደችም።