ከማማው ስር የሚያልፍ መምህር

ባሌ ፍቅሩ ተማሪዎቹን ከእኔ አብልጦ ይወዳል ብዬ ብናገር ሰው ቅናት ይለዋል። ይበለው። ጎብዬ ወርደን እናቴን አብረን ልንጠይቅ ቃል የገባልኝ ሰው፣ በዋዜማው እራት ላይ ጉርሻውን እንኳ ሳይውጥ፣ "ውዱ፣ ነገና ከነገ ወዲያ አይመቸኝም፤ ወፍ ልጠብቅ ነው" ሲለኝ ምን ልበለው?

"ምን ልትጠብቅ?"

"ወፍ። የኡሙሰልማን ማሽላ።"

ኡሙሰልማ ሮቢት አጠገብ ባለው ትምህርት ቤት እሱ የሚያስተምራት የስምንተኛ ክፍል ልጅ ናት። ሰኔ ላይ መሰጠት የነበረበት የሁለት ቀን ክልላዊ ፈተና በጸጥታው ምክንያት ሲንከባለል ቆይቶ ጥቅምት ላይ ወደቀ። ጥቅምት ደግሞ በእኛ አገር ማሽላው እሸት የሚይዝበት፣ ግሪሳ ወፍ መንጋውን አስከትሎ የሚመጣበት ወር ነው። አባቷ አያ አብዱሰመድ ከማማ ላይ ወድቆ፣ እግሩን ወጌሻ አስሮለት ተኝቷል። እናቷ ጀዊሪያ የታችኛውን ማሳ ትጠብቃለች። የላይኛው ማሳ ከልጅቷ በቀር ጠባቂ የለውም። ስለዚህ ኡሙሰልማ ፈተናውን ትታ ማማ ላይ እንድትውል ቤተሰቡ ወስኖ ነበር፤ ባሌ ይህን ሰምቶ ነው "እኔ እተካታለሁ" ብሎ የመጣው።

"ጎረቤት የላቸውም?" አልኩት።

"ጎረቤቱ ሁሉ የራሱ ማማ ላይ ነው።"

"አንተ የደሴ ከተማ ልጅ! ወንጭፍ በእጅህ ነክተህ ታውቃለህ?"

"ይለመዳል።" ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ "ልጅቷ አሁን ካልተፈተነች ወደ ትምህርት አትመለስም፣ ውዱ። እኔ አውቃለሁ" አለኝ።

"አውቃለሁ" ማለቱ አንጨረጨረኝ። ምን ያውቃል? ሳህኑን አንስቼ ወደ ጓዳ ገባሁ፤ እሱም እንደ ልማዱ ሌሊቱን ሲገላበጥ አደረ።

በማግስቱ ማልዶ ወጣ። የሚያስተምርበትን ነጭ ጋዋን ለብሶ ሲወጣ አየሁት፤ ወፎቹ ይንገሩት አልኩ በልቤ። እኔም የስፌት መኪናዬን ሸፍኜ፣ ለእናቴ የሰፋሁትን ቀሚስ በፌስታል ይዤ፣ ከቆቦ መናኸሪያ የጎብዬ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ለብቻዬ። በመንገድ ላይ ለእናቴ የምነግራትን ስሞታ ሁሉ በልቤ ስደረድር ነበር።

ሮቢትን አለፍ እንዳልን በመስኮቱ በኩል ከማሽላው በላይ አንድ ነጭ ነገር ሲወዛወዝ አየሁ። ጋዋን ለብሶ ማማ ላይ የሚወጣ ሰው በመላው ራያ አንድ ብቻ ነው። እጆቹን ያወናጭፋል፤ መንጋው ግን ከፍ ይልና እዚያው ማሳ ላይ መልሶ ያርፋል። የሚጮኸው ባይሰማኝም የሚያደርገው ሁሉ ስህተት መሆኑን ከመኪናው ውስጥ ሆኜ አወቅሁት።

"ወራጅ አለ!" አልኩ።

"ጎብዬ አይደል ያልሽው፣ እህቴ?" አለ ረዳቱ።

"ክፈትልኝ ብዬሀለሁ!"

አያ አብዱሰመድ ከማሳው ዳር ካለው ቤቱ ደጃፍ አልጋ አስወጥቶ፣ የታሰረ እግሩን ዘርግቶ ተጋድሟል። ማን እንደሆንኩ ስነግረው ፊቱ በራ።

"የመምህር ባለቤት ነሽ? መርሀባ፣ ነይ ግቢ! ወላሂ ባልሽ ደግ ሰው ነው። ወፎቹም በጣም ወደውታል።"

"ምን አደረገ ደግሞ?"

"ከጠዋት ጀምሮ 'ጸጥታ! ጸጥታ!' እያለ ይቆጣቸዋል። እነሱ ደግሞ ዝም ብለው ይበላሉ።" እየሳቀ ነው የነገረኝ። ዓይኑ ግን ከማሳው ላይ አልተነቀለም፤ የዓመት ቀለቡ ነውና። "ልጂቱ ትፈተን ብዬ እሺ አልኩ። ባልልስ ይሻል ነበር እንዴ? እንጃ" አለ ቀጥሎ፣ ለራሱ እንደሚያወራ።

ወደ ማማው ሄድኩ። የማሳው አንዱ ጥግ ተበልቶ፣ አገዳው ባዶ ራሱን ይዞ ቆሟል። ፍቅሩ ድምፁ ተዘግቷል፤ ወንጭፉ የእጁ አንጓ ላይ ተጠምጥሞበታል፤ የሚወረውረው የጭቃ ድብልብል ከኋላው ይወድቃል። ሲያየኝ እንደ ጥፋተኛ ልጅ አቀረቀረ። ና ውረድ፣ እንሂድ ልለው ነበር የመጣሁት። ይህንኑ ለማለት አፌን ስከፍት ከወደ ምሥራቅ የክንፍ ድምፅ መጣ።

ጫማዬን አውልቄ ማማው ላይ ወጣሁ። ወንጭፉን ከእጁ ነጠቅሁት። ድብልብሉን አስገብቼ፣ ሁለቴ አሽከርክሬ ለቀቅሁት፤ ከመንጋው ፊት ለፊት ደረሰ። ከዚያ ጮኽኩ። ቆቦ ገብቼ ከተሜ ከሆንኩ ወዲህ እንደዚያ ጮኼ አላውቅም። መንጋው በአንድ ጊዜ ዞረ፤ ሌላ ሰደድኩበት፤ ከመንገዱ ማዶ ተሻገረ። አያ አብዱሰመድ ከአልጋው ላይ "አበጀሽ! እሰይ!" እያለ ሲያጨበጭብ ይሰማኛል።

ፍቅሩ አፉን ከፍቶ ያየኛል። "እንዲህ እንደምትችዪ አንድም ቀን አልነገርሽኝም" አለኝ።

"አልጠየቅኸኝም።"

"ታዲያ ትምህርት ያቆምሽው ለዚህ ነው? ስላልሆነልኝ ተውኩት ነበር ያልሽኝ።"

"ሆኖልኝ ነበር" አልኩት። "በጣም ሆኖልኝ ነበር።"

ማማው ላይ ተቀመጥን። ሁሉንም ነገርኩት። ሰባተኛ ክፍል ነበርኩ። ጎብዬ አጠገብ ካለው ማሳችን ላይ ወፍ ስጠብቅ ቀረሁ፤ ከወፉ በኋላ አጨዳ መጣ፣ ከአጨዳው በኋላ ደግሞ ይህን ያህል ከቀረሽ ምን ልትሆኚ ትሄጃለሽ ተባልኩ። የሚያስተምረን መምህር ቤቱ ከእኛ ማሳ ማዶ ነው። ጠዋት ሲሄድም ከሰዓት ሲመለስም ከማማዬ ስር ያልፋል። ስሜን አሳምሮ ያውቀዋል። እጁን ያነሳና "ውዱ፣ በርቺ!" ብሎኝ ያልፋል። እኔም እጄን አነሳለሁ።

"ክፉ ሰው ነበር?" አለ ፍቅሩ።

"ምን ክፉ ይሆናል! ደህና ሰው ነበር፤ ሁሉ የሚወደው። እኔ ግን ሩቅ ሲመጣ ባየሁት ቁጥር ዛሬ ይቆማል እላለሁ። ቆሞ ለምን ቀረሽ ቢለኝ፣ ቢቆጣኝ እንኳ፣ ወርጄ የምከተለው ይመስለኝ ነበር። አባቴንም አንድ ቃል ቢለው አባቴ መምህር ያከብራል። አልቆመም፤ በርቺ ብሎኝ ሄደ።" አለቀስኩ። ሳለቅስ ደግሞ ሲያናድደኝ የነበረው ምን እንደሆነ ገባኝ። የጎብዬው ጉዞ መቅረት አልነበረም። ለኡሙሰልማ ሰው መጥቶላታል፤ ለእኔ ግን ማንም አልመጣም።

ፍቅሩ አላባበለኝም፤ ደግ አደረገ። "እኔም ሳልቆም ያለፍኳቸው አሉ፣ ውዱ" አለ። "ብዙ ናቸው። የአንዳንዶቹ መልክ አሁንም ይታየኛል። ሁሉም ጋ መድረስ አቃተኝ።"

ይህን ሲል ቅናቴም ንዴቴም አብረው ጠፉ። ለምን ሌሊቱን ሲገላበጥ እንደሚያድር ያን ጊዜ ገባኝ።

ወደ ማታ ኡሙሰልማ ዩኒፎርሟን እንደለበሰች እየሮጠች መጣች። መጀመሪያ ያየችው ማሳውን ነው።

"ቲቸር፣ ጥጉ ተበልቷል!"

"እሱን ተይው። ሂሳቡ እንዴት ነበር?"

"ቀሎኛል። ግን ጥጉ…" አለችና አባቷን በፍርሃት አየችው። አያ አብዱሰመድ ከአልጋው ሆኖ፣ "አብሽሪ ልጄ፣ እሱን ለመምህር ማስተማሪያ የተከፈለ አድርጊው" ብሎ ሁላችንንም አሳቀን። ልጅቷ ማማው ላይ ወደ እኔ ወጥታ እጄን ይዛ፣ "እትዬ፣ ይውረዱ፣ አሁን እኔ ልተካ" አለችኝ። በእጇ መዳፍ ላይ የእኔኑ የድሮ ጠባሳ የመሰለ የወንጭፍ ጠባሳ አገኘሁ።

በማግስቱ ከፍቅሩ ጋር አብሬው ሄድኩ። ጋዋኑን አስወልቄው ነው የሄድነው። ድብልብል አቀባይ አደረግሁት፤ ለእሱ የሚመጥን ሥራ አገኘሁለት። ኡሙሰልማ ትለፍ አትለፍ ገና አልታወቀም፤ ውጤቱ አልመጣም። ተፈትና መውጣቷን ግን በዓይኔ አይቻለሁ።

በሳምንቱ ማክሰኞ ፍቅሩ አንድ ቀን ፈቃድ ወስዶ ወደ ጎብዬ ጉዞ ጀመርን። የእናቴ ቀሚስ ጭኔ ላይ ነው። እሱ ገና ከቆቦ ሳንርቅ ትከሻዬ ላይ እንቅልፍ ወሰደው። ጎብዬ ልንገባ ትንሽ ሲቀረን፣ ከመንገዱ ዳር ካለ ማሳ ላይ አንዲት ልጅ ማማ ላይ ቆማለች። የዩኒፎርም ሹራብ ለብሳለች፤ ክርኑ ተቀዷል። ሰዓቱ ከረፋዱ አራት ሰዓት ነው፤ ተማሪ ክፍል የሚሆንበት።

ፍቅሩን ልቀሰቅሰው እጄን ዘረጋሁና ተውኩት።

"ወራጅ አለ!" አልኩ።

ባሌ ባንኖ፣ "ደረስን እንዴ?" አለኝ።

"አልደረስንም። ውረድ።"

ከማማው ስር ደርሼ ቆምኩ። ልጅቷ መንገደኛ መሰልኳትና እጇን አንስታ ሰላም አለችኝ። እኔ እጄን አላነሳሁም።

"ስምሽ ማነው?"

"ኡሙልኸይር።"

"ኡሙልኸይር፣ ከትምህርት ቤት ለምን ቀረሽ?"

አየችኝ። ፍቅሩንም አየችው። ከዚያ ወንጭፏን ከእግሯ ስር አስቀምጣ፣ እንጨቱን ይዛ፣ መውረድ ጀመረች።